ፓምፑ ቆሞ ቤዝመንቱ ውሃ ሲሞላ፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ክረምት በገባ ቁጥር ከአያት፣ ከሰሚት፣ ከለቡ፣ ከገላንና ከለገጣፎ አካባቢ ቤዝመንት ያለው ሰው የሚጠይቀው ይህንኑ ነው፤ ውሃው አሁን ቤታችሁ ውስጥ ከሆነ የመጀመሪያውን ጥያቄ ዝለሉትና ሁለተኛውን አንብቡ።

ቤዝመንት ውስጥ ፓምፕ ለምን ያስፈልጋል?

የቤዝመንቱ ወለል ዝቅ የሚልበት ቦታ ላይ ጉድጓድ ይሠራል። ከመሬት የሚመነጨውም፣ ከመኪና መግቢያው የሚወርደውም ውሃ እዚያ ይጠራቀማል። ጉድጓዱ ውስጥ የተቀመጠው ፓምፕ ደግሞ ውሃውን በቧንቧ ወደ ላይ ገፍቶ ከግቢ ያስወጣዋል። ፍሎተር የምንለው፣ ውሃው ላይ የሚንሳፈፈው ነገር፣ ውሃ ሲጨምር ከፍ ብሎ ፓምፑን ያስነሳል፤ ውሃው ሲቀንስ ወርዶ ያጠፋዋል።

በአዲስ አበባ ምሥራቅና ደቡብ ዳርቻ ችግሩ የሚብሰው በአፈሩ ምክንያት ነው። ጥቁር አፈር በበጋ እጅ በሚያስገባ ስንጥቅ ይከፈታል። ክረምት ሲገባ ውሃው በስንጥቁ ቁልቁል ይወርዳል፣ ከዚያ አፈሩ ያብጥና ይዘጋል፣ ውሃውን ወደ ታች አያሳልፈውም። በዚያ ላይ ቤዝመንቱ ሲቆፈር ከግድግዳው ሰፋ ተደርጎ ይቆፈራል፤ በኋላ የተረፈው ክፍተት በወጣው አፈር ወይም በፍርስራሽ እንዲሁ ይሞላል። ዝናቡ የሚጠራቀመው እዚያ የላላ ሙሌት ውስጥ ነው። ሐምሌና ነሐሴን ሙሉ ግድግዳችሁን ተደግፎ ይቆማል። ፓምፑ የቆመ ዕለት መንገዱን ያገኛል።

ቤዝመንቱ ውሃ ሞልቷል። መጀመሪያ ምን ላድርግ?

አትግቡ። ከሁሉም በፊት ይሄ ይቅደም። ውሃው ሶኬት፣ ማከፋፈያ ገመድ፣ ፍሪጅ ወይም ራሱን ፓምፑን ነክቶ ከሆነ ውሃው ውስጥ የረገጠ ሰው በኤሌክትሪክ ሊያዝ ይችላል። መብራት ጠፍቷል ብላችሁም አትግቡ፤ እናንተ ጉልበታችሁ ድረስ ውሃ ውስጥ ሆናችሁ መብራት ድንገት ሊመጣ ይችላል። ዋናውን ብሬከር ደረቅ ቦታ ላይ ቆማችሁ መድረስ ከቻላችሁ አጥፉት። ማጥፊያው ራሱ ቤዝመንት ውስጥ ከሆነ ወይም እሱ ጋ ለመድረስ ውሃ መርገጥ ግድ ከሆነ ተዉት፤ 905 ደውላችሁ መስመሩ እንዲቋረጥ ጠይቁ።

ሁለተኛው የጋዝ ሲሊንደር ነው። ብዙ ሰው ትርፍ ሲሊንደሩን ቤዝመንት ያስቀምጣል። የምግብ ማብሰያ ጋዝ ከአየር ስለሚከብድ ካፈተለከ ሽቅብ አይወጣም፣ እዚያው ዝቅ ያለው ቦታ ላይ ይተኛል። ስለዚህ ሻማና ክብሪት ይዛችሁ አትውረዱ፤ የእጅ ባትሪ ተጠቀሙ። የጋዝ ሽታ ካለ ጨርሶ አትጠጉ፣ ምንም ማብሪያ ማጥፊያም አትንኩ። ልጆችን አርቁ። ሰው ውስጥ ከቀረ ወይም ውሃው በፍጥነት እየጨመረ ከሆነ አዲስ አበባ ውስጥ የእሳትና አደጋ መሥሪያ ቤት ቁጥር 939 ነው።

ኤሌክትሪኩ መቋረጡን ካረጋገጣችሁ በኋላ ቦት ጫማና ጓንት አድርጋችሁ ግቡ። ዕቃ ከማንሳታችሁ በፊት በስልክ ፎቶ አንሱ፤ ኢንሹራንስ ካላችሁ ወይም ቤቱ የኪራይ ከሆነ በኋላ ይጠቅማችኋል።

መብራት ስለሌለ ጄኔሬተሩን ቤዝመንት ውስጥ ባስነሳውስ?

በፍጹም። መስኮት ከፍቼ አስነሳዋለሁ ማለትም አይሠራም። ከጄኔሬተር የሚወጣው ካርቦን ሞኖክሳይድ አይሸትም፣ አይታይም፣ ሰውን ግን ይገድላል። ጄኔሬተሩን ከበርና ከመስኮት ቢያንስ 6 ሜትር አርቃችሁ ውጭ አስቀምጡና በረጅም ገመድ ሳቡ። በቤንዚን የሚሠራ የውሃ ፓምፕም እንደዚሁ ነው፤ ሞተሩ ውጭ ይሁን፣ ወደ ታች የሚወርደው የመምጠጫ ቱቦው ብቻ ይሁን።

በዚሁ ላይ ከሰልም ይታሰብበት። ውሃው ከወጣ በኋላ ቤዝመንቱ እንዲደርቅ ብሎ ከሰል አቀጣጥሎ በሩን የሚዘጋ ሰው አለ። የሚወጣው ያው ጋዝ ነው። እባካችሁ አታድርጉት፤ እዚያ የሚተኛ ዘበኛ ወይም ሠራተኛ ካለ ደግሞ ቁጭ ብላችሁ በደንብ ንገሩት።

ፓምፑ ተቃጥሎ ነው የቆመው?

አብዛኛውን ጊዜ አይደለም። ፓምፕ በቆመ ቁጥር አዲስ የሚገዛ ሰው ብዙ ነው፣ ጥፋቱ ግን ብዙ ጊዜ ሌላ ቦታ ነው የሚገኘው። መብራት ከሌለ መልሱ ግልጽ ነው፤ ፓምፕ በጣም የሚፈለገው በከባድ ዝናብ ነው፣ መብራትም የሚጠፋው በዚያው ዝናብ ነው። መብራት እያለ ከቆመ የፓምፑን ብሬከር እዩ። ደጋግሞ የሚወርድ ከሆነ እየመለሳችሁ አታስነሱት፤ ውሃ ወደ ገመዱ ወይም ወደ ሞተሩ ገብቶ ይሆናል።

ቀጥሎ ፍሎተሩ ነው። ጉድጓዱ ጠባብ ከሆነ ፍሎተሩ በገመዱ ይዞርና በፓምፑና በግድግዳው መሃል ይቀረቀራል፤ ውሃው አልፎት ወደ ላይ ይወጣል፣ እሱ ግን እዚያው ታች እንደተያዘ ይቀራል፣ ፓምፑም ውሃ መኖሩን አያውቅም። ኤሌክትሪኩን አጥፍታችሁ ፍሎተሩን አላቁት፣ ገመዱን አሳጥሩና እንደገና ሞክሩት። ጤነኛ ከሆነ ከፍ ስታደርጉት ውስጡ «ቀጭ» ሲል ይሰማል።

ፓምፑ እየጮኸ ውሃ የማያወጣ ከሆነ ታች የሚሽከረከረው ክንፍ በፌስታል፣ በሲሚንቶ ከረጢት ቁራጭ ወይም በጭቃ ታንቋል፤ አዲስ በተሠራ ቤት የግንባታው ትርፍራፊ ሁሉ ተጠርጎ የሚገባው እዚያ ጉድጓድ ውስጥ ነው። ውሃ አውጥቶ ሲቆም ያወጣው ተመልሶ የሚወርድ ከሆነ ደግሞ ቼክ ቫልቩ፣ ውሃ ወደ ኋላ እንዳይመለስ የሚያግደው ነገር፣ ተበላሽቷል፤ ፓምፑ ያንኑ ውሃ ሲያመላልስ ይውላል፣ በመጨረሻም ያን ጊዜ እውነትም ይቃጠላል።

ሌላው የቮልቴጅ መውረድ ነው። አንድ የኤሌክትሪክ ምጣድ ከ3 ኪሎዋት በላይ ይስባል። ሰፈሩ ሁሉ እንጀራ ሲጋግር መስመሩ ከ220 ቮልት በጣም ሊወርድ ይችላል፤ ያን ጊዜ የፓምፑ ሞተር ጉልበት ለማግኘት ብዙ ከረንት ይስብና ይግላል። ብዙ ፓምፖች ሲግሉ ራሳቸውን የሚያጠፉበት መከላከያ አላቸው። ስለዚህ ተቃጥሏል ከማለታችሁ በፊት ከመስመር ነቅላችሁ ግማሽ ሰዓት አቀዝቅዙትና ሞክሩት። የተቃጠለ ሞተር ጠረኑ ያስታውቃል፤ እሱም ቢሆን ጥሩ የሞተር ሽቦ ጠምጣሚ ከተገኘ ብዙ ጊዜ ይድናል።

ውሃውን በምን ላውጣው? ምን ያህል ጊዜስ ይወስዳል?

ሒሳቡ ቀላል ነው፦ 1 ሴንቲ ሜትር ውሃ በ1 ካሬ ሜትር ላይ 10 ሊትር ነው። 60 ካሬ ቤዝመንት ላይ 20 ሴንቲ ሜትር ውሃ ቢተኛ 12,000 ሊትር ይሆናል። በ20 ሊትር ባልዲ 600 ጊዜ መመላለስ ማለት ነው። በደቂቃ 100 ሊትር የሚያወጣ ፓምፕ ግን በ2 ሰዓት ይጨርሰዋል፤ አዲስ ውሃ ካልገባ። ስለዚህ ጉልበታችሁን በባልዲ ከመጨረሳችሁ በፊት ፓምፕ ፈልጉ፤ ጎረቤት ግንባታ ካለ ፎርማኑን ጠይቁት፣ ብዙ ጊዜ አያጡም።

የቤንዚን ፓምፕ ከተዋሳችሁ አንድ ነገር እወቁ። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ናት። አየሩ ስስ ስለሆነ ከላይ ሆኖ የሚመጥ ፓምፕ እዚህ የሚችለው ጥልቀት ወረቀቱ ላይ ከተጻፈው ያነሰ ነው፣ ሞተሩም አንድ አምስተኛ ገደማ ጉልበቱን ያጣል። ስለዚህ ፓምፑን ከቤዝመንቱ ውጭ፣ ደህና አየር ያለበት ቦታ ላይ፣ ግን ወደ ውሃው ከፍታ በተቻለ መጠን ዝቅ አድርጋችሁ አስቀምጡት። ውሃ ውስጥ የሚገባ ፓምፕ ከታች ስለሚገፋ ይህ ችግር የለበትም።

ውሃውን በአንዴ ማውጣት ግድግዳ ይጥላል ይባላል። እውነት ነው?

እውነት ነው፤ ግን ሁልጊዜ አይደለም። ውሃው ቁርጭምጭሚት ድረስ ከሆነ ሳታመነቱ አውጡት። ወገብ ወይም ከዚያ በላይ ከደረሰና ውጭ ያለው አፈር ከረሰረሰ ግን ውስጥ ያለው ውሃ ግድግዳውን ከውጭው ግፊት በተቃራኒ ደግፎ ይዞታል። እሱን በአንድ ቀን ባዶ ካደረጋችሁት ግድግዳው የውጭውን ጭነት ብቻውን ይሸከማል። በተለይ ብረት የሌለው የብሎኬት ግድግዳ ሊሰነጠቅ ወይም ወደ ውስጥ ሊገባ ይችላል።

አንድ ሦስተኛ ያህሉን አውጡና አቁሙ። የውሃውን ልክ ግድግዳው ላይ አስምሩ። በማግሥቱ ውሃው ከመስመሩ በላይ ካልወጣ ቀጥሉ፤ ከወጣ የውጭው ውሃ ገና እየገፋ ነውና ጠብቁ። ግድግዳው ሆዱ ገፍቶ ወይም አዲስ አግድም ስንጥቅ ታይቶ ከሆነ ማንም እንዳይገባ አድርጉና መሐንዲስ ጥሩ።

ያወጣሁትን ውሃ የት ልልቀቀው?

የመንገድ የጎርፍ ቦይ ካለ ወደዚያ። ከሌለ ከቤቱ ራቅ ወዳለ ተዳፋት። ግድግዳችሁ ሥር ካፈሰሳችሁት ያው ተመልሶ ይመጣል፤ ቱቦው ስላጠረ ብቻ ይህን የሚያደርግ ሰው ብዙ ነው። ወደ ሴፕቲክ ታንክም አትልቀቁት፣ ሞልቶ ሌላ ጣጣ ያመጣል።

ወደ ጎረቤት ግቢ ደግሞ ነውርም ነው፣ በሕግም ያስጠይቃል። በ1952 ዓ.ም የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ባለንብረት በመብቱ ሲጠቀም ጎረቤቱን እንዳይጎዳ ያዛል። ሌላ መውጫ ከሌለ ከታች ያለውን ጎረቤት አስቀድማችሁ አናግሩና ቱቦውን እሱ በሚያሳያችሁ በኩል አሳልፉ። ሳይነገረው ውሃ የገባበት ሰው እና ተለምኖ ያሳለፈ ሰው አንድ አይደሉም።

ውሃው ይሸታል። ምን ይሆን?

ከተማው ዳር አብዛኛው ቤት ከፍሳሽ መስመር ጋር አልተገናኘም፣ ግቢ ውስጥ ሴፕቲክ ታንክ አለው። መሬቱ ውሃ ሲጠግብ ሴፕቲኩ የሚያሰርገው ቦታ ያጣና በአፈሩ በኩል ወደ ፓምፕ ጉድጓዱ ይመጣል። የእናንተ ባይሆን የጎረቤት ሊሆን ይችላል። ሽታ ካለው የሽንት ቤት ፍሳሽ ነው ብላችሁ ያዙት፦ ባዶ እጅና እግር አይንካው፣ ቁስል ያለበት ሰው አይግባ፣ ስትወጡ በሳሙና ታጠቡ። ከዚያ የፍሳሽ መምጠጫ መኪና አስጠርታችሁ ሴፕቲኩን አስመጥጡ፤ የውሃና ፍሳሽ ቁጥር 906 ነው። ሴፕቲኩ ሳይመጠጥ ቤዝመንቱን ማጽዳት ድካም ብቻ ነው።

የመጠጥ ውሃ ታንከራችን መሬት ውስጥ ነው። ውሃው ይጠጣል?

የጎርፉ ውሃ ከክዳኑ በላይ ካለፈ አትጠጡት። ጥርት ብሎ ቢታይም አትጠጡት። ውሃውን ወደ ላይኛው ታንከር የሚገፋውን ፓምፕ ወዲያው አጥፉት፣ ካልሆነ የተበከለው ውሃ ቤቱን ሁሉ ያዳርሳል። ታንከሩ ይራገፍ፣ ግድግዳው በብሩሽ ይፈተግ፣ በክሎሪን ይታጠብ፣ ከዚያ በንጹሕ ውሃ ይለቅለቅ። እስከዚያው የታሸገ ውሃ ወይም ከሌላ ቦታ ቀድታችሁ ያፈላችሁትን ጠጡ። ታንከሩ ውስጥ ሰው ከመግባቱ በፊት ክዳኑ ተከፍቶ በደንብ ይናፈስ፣ የሚጠብቀው ሰውም ላይ ይቁም።

ጤፉ፣ ፍራሹና ፍሪጁ ይተርፋሉ?

ውሃው የነካው ጤፍ፣ በርበሬና ሽሮ አይተርፍም። አጥቤ ፀሐይ ላይ አሰጣዋለሁ የምትል እናት ብዙ ናት፣ የአንድ ዓመት ቀለብ መጣል ልብ ያደማል፤ ግን የሽንት ቤት ፍሳሽ የነካው እህል በፀሐይ አይጸዳም። ከላይ የተደረደረው፣ ውሃው ያልደረሰበት ማዳበሪያ ደህና ነው፣ ዛሬውኑ ወደ ላይ አውጡት። ስፖንጅ ፍራሽ ይጣላል። የቺፑድ ቁምሳጥን አብጦ ይፈርሳል። እንጨት ግን በጥላ ቀስ ብሎ ከደረቀ ይድናል። ፍሪጅና ልብስ ማጠቢያ ኤሌክትሪሺያን ከፍቶ ሳያያቸው ሶኬት አይግቡ። ውሃ የገባበትን መኪናም ለመሞከር ብላችሁ አታስነሱ።

ሻጋታ ከ24 እስከ 48 ሰዓት ውስጥ ይጀምራል፣ ስለዚህ ቀኑን አታባክኑ። ጭቃውን ሳይደርቅ ጥረጉ። ያበጠውን ጄሶና የላላውን ልስን አራግፉ። ግድግዳና ወለሉን መጀመሪያ በሳሙና፣ ቀጥሎ በ4 ሊትር ውሃ አንድ ብርጭቆ በረኪና በጥብጣችሁ እጠቡ። በረኪናን ከሽንት ቤት ማጽጃ አሲድ ጋር በፍጹም አትቀላቅሉ፤ መርዛማ ጋዝ ያወጣል፣ ቤዝመንት ውስጥ ደግሞ መሸሻ የለም። ፀሐይ በወጣች ሰዓት በርና መስኮቱን ክፈቱ፣ ቬንትሌተር ካለ ወደ ውጭ አዙሩት።

አዲስ ፓምፕ ስገዛ ምን ልይ?

ሻጩ «አንድ ፈረስ ነው፣ ግማሽ ፈረስ ነው» ይላችኋል። እናንተ ፓምፑ ላይ የተለጠፈውን አንብቡ። ኪው ማክስ (Q max) የሚለው ፓምፑ ምንም ከፍታ ሳይገፋ የሚያወጣው ውሃ ነው፤ ኤች ማክስ (H max) የሚለው ደግሞ ውሃ መስጠት የሚያቆምበት ከፍታ ነው። ሁለቱ አብረው አይገኙም። ኤች ማክሱ 8 ሜትር የሆነ ፓምፕ 4 ሜትር ሽቅብ ሲገፋ ከተጻፈው ግማሽ ገደማ ቢሰጣችሁ ነው። ከጉድጓዱ ታች እስከ ቧንቧው መውጫ ያለውን ከፍታ በሜትር ለክታችሁ ወደ ሱቅ ሂዱ።

ለቆሻሻ ውሃ የተሠራ ይሁን። የንጹሕ ውሃ ፓምፕ ረከስ ይላል፣ ግን የመጀመሪያው ጭቃ ያንቀዋል። መውጫ ቧንቧውን ከፓምፑ አፍ አታጥብቡት። ከምጣዱ መስመር ለይታችሁ የራሱን ብሬከር ስጡት፣ የቮልቴጅ መከላከያም ይኑረው። በግንቦት መጨረሻ ጉድጓዱን አጽዱና ጥቂት ባልዲ ውሃ ደፍታችሁ ሞክሩት፤ ሐምሌ ላይ ከመሞከር ይሻላል።

መብራት በጠፋ ቁጥር እንዳይደገምብኝ ምን ላድርግ?

አንድ ፓምፕ፣ አንድ የመብራት መስመር ላይ ከሆነ መከላከያ አላችሁ ማለት አይቻልም። ሁለተኛ ፓምፕ ትንሽ ከፍ አድርጋችሁ እዚያው ጉድጓድ ውስጥ አስቀምጡ፤ የራሱ ፍሎተር፣ የራሱ ቧንቧ ይኑረው። የመጀመሪያው ሲሰንፍ እሱ ይነሳል። ውሃ ሲነካው የሚጮህ ትንሽ ማንቂያም ጉድጓዱ አፍ ላይ እሰሩ፤ ከሌሊቱ 8 ሰዓት ላይ ቀስቅሶ ዕቃችሁን የሚያስተርፋችሁ እሱ ነው።

ለኃይሉ፣ የ0.75 ኪሎዋት ፓምፕ ሲነሳ ከመደበኛው ብዙ እጥፍ ከረንት ይስባል፤ የከተማው ከፍታ ከጄኔሬተሩ ጉልበት የሚቀንሰውን ጨምራችሁ 3 ኪሎዋት ገደማ ጄኔሬተር አስቡ። ባትሪና ኢንቨርተር (የባትሪውን ኃይል ወደ ቤት መብራት የሚቀይር ዕቃ) የሚፈልግ ሰው አነስ ያለ ፓምፕ ይምረጥ፦ 12 ቮልት፣ 100 አምፔር ሰዓት የሆነ አንድ የአሲድ ባትሪ ሳይጎዳ የሚሰጠው 600 ዋት ሰዓት ያህል ነው፣ ይህም የ250 ዋት ፓምፕን ያለማቋረጥ 2 ሰዓት ገደማ ያሠራል። ፓምፑ የሚነሳው አልፎ አልፎ ከሆነ ሌሊቱን ሊያሳልፋችሁ ይችላል።

መስከረም ጠብቷል፣ ዝናቡም ቆሟል፣ ውሃው ግን አሁንም ይመጣል። ለምን?

ሁለት ነገር ነው ሊሆን የሚችለው። አንደኛው የከርሰ ምድር ውሃ ነው፤ ክረምቱን ሙሉ የጠጣው አፈር ውሃውን የሚለቀው ቀስ ብሎ ነው፣ እስከ ጥቅምት ሊቆይ ይችላል፤ ፓምፑን አትንቀሉት። ሁለተኛው የፈነዳ ቧንቧ ነው። ቤት ውስጥ ያለውን ቧንቧ ሁሉ ዝጉ፣ የታንከሩ መሙያም ይዘጋ፣ ከዚያ የውሃ ቆጣሪውን እዩ። እየዞረ ከሆነ ከቆጣሪው ወዲህ የእናንተ መስመር ያፈሳል። ካልዞረና ውሃው በበጋም የማይቀንስ ከሆነ ደግሞ የመንገዱ መስመር ሊሆን ስለሚችል 906 ደውሉ።

ውስጡን ዋተር ፕሩፍ ባስቀባው ፓምፑን መተው እችላለሁ?

አትችሉም። ከውስጥ የሚቀባው ውሃውን ከግድግዳው ጀርባ አያጠፋውም፣ መግቢያውን ብቻ ይዘጋበታል። ውሃው ከውጭ እየገፋ ቀለሙንና ልስኑን በጊዜ ይገፈዋል። ሙሉ በሙሉ ቢዘጋ እንኳ ከወለሉ ሥር ያለው ግፊት ይጨምራል፤ ከወለሉ ሥር ያለው ውሃ ግማሽ ሜትር ከፍ ባለ ቁጥር በ1 ካሬ ሜትር 500 ኪሎ ያህል ሽቅብ ይገፋል። ስስ ኮንክሪት ወለል ይህን አይችልም፣ ይሰነጠቃል።

ገንዘቡ ካላችሁ ውጭ ላይ አውሉት። የጣራው አሸንዳ ውሃውን ግድግዳ ሥር እንዳይጥለው ቧንቧውን አርቁ። ግቢው ከቤቱ ወደ ውጭ እንዲያዘቅዝቅ አድርጉ። የመኪና መግቢያው አፍ ላይ አግድም ቦይ ከነፍርግርጉ አስገቡ። በበጋ፣ አፈሩ ደረቅ እያለ፣ ግድግዳው በውጭ በኩል ተቆፍሮ ውሃ በማያስገባ ነገር ይለበድ፣ ሥሩ ላይ ቀዳዳ ያለው ቧንቧ በጠጠር ተሸፍኖ ይቀበር፣ ሙሌቱም በተመረጠ አፈር ይተካ። ያ ቧንቧ የሚያመጣው ውሃ የሚገባው እዚያው የፓምፕ ጉድጓድ ውስጥ ነው፤ ፓምፑ ይቀራል፣ የሚሠራበት ሰዓት ግን በጣም ይቀንሳል።